ጋሽ ኤርሱሞ የሚተነፍሱበት ቦታ

በዚህች ምድር ላይ እንደ «ኦርጅናል» የተዋሸበት ቃል ያለ አይመስለኝም። ይህን የምለው መጽሐፍ አገላብጬ አይደለም፤ ራሴ ስለምዋሽበት ነው። ጆሀንስበርግ መሀል ከተማ ብርድ ልብስ በጅምላ እሸጣለሁ። ደንበኛ ይመጣል፣ ብርድ ልብሱን በሁለት ጣቱ ቆንጥጦ ያየዋል፣ ያሸተዋል፣ አንዳንዱማ ጉንጩን ያስነካዋል፤ ከዚያ ዓይን ዓይኔን እያየ «ኦርጅናል ነው?» ይለኛል። ምን ልበለው? ብርድ ልብስ ኦርጅናል የሚሆነው በጉ ላይ እያለ ነው። «ኦርጅናል ነው» እለዋለሁ። እሱም ያመነ መስሎ ይገዛል፣ እኔም የታመንኩ መስዬ እሸጣለሁ፤ ማታ ሁለታችንም ሞቆን እናድራለን።

እናንተም ብትሆኑ ከዚህ በሽታ ነፃ አይደላችሁም። ቅቤ ስትገዙ ኦርጅናሉን ትላላችሁ፤ በርበሬ ሲላክላችሁ «ከራሱ ከቦታው ነው?» ብላችሁ ትጠይቃላችሁ፤ ሠርግ ላይ ተቀምጣችሁ «ዘፈንማ የድሮው ነበር» እያላችሁ ትተክዛላችሁ። የድሮው ሲዘፈን የነበሩ ሰዎችም እንደ እናንተው ተቀምጠው የራሳቸውን ድሮ ይናፍቁ እንደነበር ማን በነገራችሁ። ድሮ የሚባለው አገር ቪዛ ስለማይሰጥ እንጂ ይሄኔ ሁላችንም ተሰደን እዚያ ነበርን።

ይሁን እንጂ እስከ ዛሬ ካየኋቸው ኦርጅናል ፈላጊዎች ሁሉ ታኒ ሄስተርን የሚያህል አላየሁም። «ታኒ» አፍሪካንስ ተናጋሪዎች ለታላቅ ሴት የሚሰጧት ማዕረግ ነች፤ እኛ «እትዬ» እንደምንለው በሉት። ዕድሜያቸው ሰባን የዘለለ፣ ቀጭን፣ ቀጥ ያሉ፣ ክረምት ከበጋ ያንኑ ግራጫ ሹራብ የሚለብሱ ሴት ናቸው። እንግሊዝኛ አንቱታ ስለሌለው ፊት ለፊት ስንነጋገር ልሰጣቸው ያልቻልኩትን አክብሮት እዚህ ላይ አሟልቼ እሰጣቸዋለሁ።

የተገናኘነው በአዳራሽ ነው። ዮቪል ከሚባለው ሰፈር ዝቅ ብሎ አንድ ያረጀ ቤተ ክርስቲያን አለ፤ ምእመናኑ አልቀው ጥቂት አዛውንት ስለቀሩት አዳራሹን ያከራያል። እሑድ ከሰዓት የእኛ ነው። እኛ ማለት ከሆሳዕና፣ ከዱራሜና ከወላይታ የመጣን፣ ሳምንቱን ሙሉ በየሰፈሩ ስፓዛ በሚሏት ትንሽ ሱቅ ውስጥ ከብረት ፍርግርግ ጀርባ ቆመን ዳቦና የስልክ ካርድ ስንሸጥ የምንሰነብት ሰዎች ነን። ቅዳሜ ከሰዓት ደግሞ አዳራሹ የታኒ ሄስተርና የጓደኞቻቸው ነው። እኔ የአዳራሽ ኮሚቴው ሰብሳቢ ስለሆንኩ ቁልፉን ከእሳቸው የምረከበው እኔ ነኝ። ሰብሳቢነቴ በምርጫ ነው፤ በምርጫው ዕለት ቀርቼ ነበር።

ሥራቸው ምን መሰላችሁ? የዛሬ ሦስትና አራት መቶ ዓመት አውሮፓ ውስጥ የተደረሰ ሙዚቃን ልክ ያኔ ይጫወቱት እንደነበረው አድርጎ መጫወት ነው። ፒያኖ አይነኩም፤ ፒያኖ ለእነሱ ትናንት የመጣ ጎረምሳ ነው። በምትኩ ሃርፕሲኮርድ የሚባል፣ ከሩቅ ሲያዩት ፒያኖ የሚመስል፣ ሲቀርቡት ግን ታሞ የከሳ የሚመስል ሣጥን አላቸው። ፒያኖ ገመዱን በመዶሻ ይመታል፤ ይሄኛው በላባ ጫፍ ይነጥቀዋል፣ ክራር በጣት እንደሚነጠቀው። የቫዮሊኖቻቸው ገመድ የበግ አንጀት ነው። ቅኝታቸው ከዛሬው ዝቅ ያለ ነው። ድምፅን ማንቀጥቀጥ ነውር ነው። ይህም አልበቃ ብሏቸው አምፖሉን አጥፍተው በሻማ ይጫወታሉ፤ ያውም ሎድ ሼዲንግ በሚባል የማዕረግ ስም መብራት በተራ በተራ በሚጠፋበት ከተማ። መንግሥት በነፃ የሚያድለንን ጨለማ እነሱ ትኬት ሸጠው ሰው ያስገቡበታል።

መጀመሪያ የሰማናቸው ቀን እውነት ለመናገር አሳዘኑን። ኪቦርድ ተጫዋቻችን ታምራት፣ የሁለት ልጆች አባትና መብራት እስካለ ድረስ ብቻውን ኦርኬስትራ የሆነ ሰው፣ ከበሩ ሥር ቆሞ ካዳመጠ በኋላ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ፣ «ጋሼ፣ ሣጥኑን ምስጥ በልቶታል መሰለኝ፣ ድምፁ አይወጣም» አለኝ። ሻማውን አየን፣ ሹራባቸውን አየን፣ የተበጠሰ ገመዳቸውን እንደገና ሲቋጥሩ አየን። ነገሩ ግልጽ ነበር፤ እነዚህ ነጮች ተቸግረዋል። የእኛ ሰው ችግር ካየ መጀመሪያ ይጸልያል፣ ቀጥሎ ያዋጣል፣ ማጣራት የሚባለው በሦስተኛ ደረጃ ነው የሚመጣው። እናም በሚቀጥለው እሑድ ተጸለየ፤ ከዚያም አንድ ደህና ኪቦርድ ከነስፒከሩ እንግዛላቸው ተባለና ይህንኑ በዘዴ፣ ክብራቸውን ሳልነካ እንዳሳውቃቸው እኔ ተላክሁ።

ታኒ ሄስተር ሲሰሙ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። ከዚያ አስቀመጡኝና ፀሐይ እስክትገባ አስረዱኝ። ሙዚቃ እንደ አሮጌ የቤት በር ነው አሉኝ፤ አንዱ ባለቤት ሰማያዊ ይቀባዋል፣ ሌላው በላዩ አረንጓዴ፣ ሌላው ነጭ፤ በመጨረሻ እንጨቱን ያየ ሰው የለም። «አንዱ ያሳመረ መስሎት ይጨምራል። ሁለተኛው የተጨመረውን እውነት ብሎ ይይዛል። ሦስተኛው ትምህርት ቤት ከፍቶ ያስተምረዋል። የእኔ ሥራ ያንን ሁሉ ፍቄ መጣል ነው፣ ማርከስ» አሉኝ። ማርቆስ የሚለው ስሜ አልሆንላቸው ብሎ ነው።

«ታዲያ አሁን የምንሰማው ያ ደራሲ የሰማውን ነው ማለት ነው?» አልኳቸው።

«በተቻለ መጠን።»

ይኼኔ ጣሪያው ላይ ሃዲዳ ጮኸች። ይህቺ የጆሀንስበርግ ወፍ፣ አፏ ረጅም፣ ድምፅዋ የታረደ ፍየል፣ ጥዋት ሰውን ሁሉ ከእንቅልፉ ቀስቅሳ እሷ ተመልሳ የምትተኛ ናት። «ይሄንንስ ሰምቶት ይሆን?» አልኳቸው። አልሳቁም። እኛ ዘንድ «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» ይባላል። ታኒ ሄስተር ሞኝ የሚባሉ ሴት አይደሉም፤ ግን ከወረቀት ጋር ኖረው ኖረው የወረቀት ጠባይ ወርሰዋል።

እንዲህ እየተከራከርን፣ እሳቸው ቅዳሜ ሲወጡ እኛ እሑድ ስንገባ፣ በሰላም እንኖር ነበር። ከዚያ ኮሮና መጣ።

ስለ ኮሮና ለእናንተ መንገር ለቀባሪው ማርዳት ነው። እኛ ጋ በመጀመሪያው ዙር ሰው ፈራ፤ በሁለተኛው ዙር ሰው ሞተ። ከሞቱት አንዱ ጋሽ ኤርሱሞ ናቸው።

ጋሽ ኤርሱሞ ዛንድስፕሩት በሚባል የድሆች ሰፈር ውስጥ ስፓዛ ነበራቸው። የሰፈሩ ልጅ ሁሉ «ማሉሜ» ይላቸዋል፣ አጎቴ ማለት ነው፤ ሁከት በተነሣ ቁጥር ሌላው ሱቅ ሲዘረፍ የእሳቸውን ሱቅ ያተረፈችላቸው ይህቺው ዝምድና ነች። በእኛ መካከል ደግሞ ከመጀመሪያዎቹ ናቸው፤ አዳራሹን ያስከራዩን እሳቸው፣ ሰው ሲጣላ የሚያስታርቁት እሳቸው፣ መዝሙር ሲነሣ ከሥር የሚሸከሙት እሳቸው። ድምፃቸው ከወለሉ ሥር የሚመጣ ይመስል ነበር። ችግራቸው አንድ ነው፤ አስም አለባቸው።

አሁን በጥሞና ስሙኝ፣ ነገሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። እሑድ ስንለያይ የምንዘምረው፣ ወደ አገር የሚሄድ ሰውም ስንሸኝ የምንዘምረው አንድ የመሸኛ መዝሙር አለን። ባለ አራት ስንኝ ነው፤ ሦስተኛው ስንኝ ረዥም ነው። ጋሽ ኤርሱሞ ይህን ስንኝ በአንድ ትንፋሽ መጨረስ አይችሉም። መሀሉ ላይ ሲደርሱ ይቆማሉ፣ አየር ይስባሉ፣ ደረታቸው ሲያፏጭ ከኋላ ወንበር ይሰማል፣ ከዚያ ይቀጥላሉ። እሳቸው ሲቆሙ እኛ ምን እናድርግ? ሽማግሌ ትንፋሽ አጥሮት ቆሞ ሳለ ጥሎት የሚሄድ ሰው ከየት ይመጣል? በመንገድ ላይ ቢሆን እንጠብቃቸው አልነበረም? በመዝሙርም ጠበቅናቸው። በመጀመሪያው እሑድ ይሉኝታ ነበር። በሁለተኛው ልማድ ሆነ። እያደር እዚሁ የተወለዱት ልጆቻችን መዝሙሩ እንዲያ የተደረሰ መስሏቸው አደጉ። ታምራት ኪቦርዱ ውስጥ ያለው ከበሮ አልጠብቅ ስለሚለው፣ እዚያ ቦታ ላይ ሲደርስ በጣቱ ያጠፋውና ጋሽ ኤርሱሞ ሲተነፍሱ መልሶ ያበራዋል። አንድ ጊዜ ከአዲስ አበባ የመጣ ሰባኪ ይህን ሳያውቅ ስንኙን ቀጥ አድርጎ ዘለቀውና ባዶ ሜዳ ላይ ብቻውን ሲዘምር ተገኘ። አኮረፈን።

ጋሽ ኤርሱሞ ሆስፒታል ገቡ፣ ኦክስጅን ተደረገላቸው፣ አልተመለሱም። አስከሬናቸውን ወደ ሆሳዕና መላክ በዚያን ጊዜ የማይታሰብ ነበር። እዚሁ ይቀበሩ ተባለ። ሥርዓቱም የዘመኑ ነው፤ ከሃምሳ ሰው በላይ አይገባም፣ ለቅሶ ቤት አይታደርም፣ ሰው አይተቃቀፍም። አዳራሹ በር ላይ ደግሞ ቤተ ክርስቲያኑ የለጠፈው ማስታወቂያ አለ፤ መዘመር ክልክል ነው፣ ትንፋሽ በሽታ ያስተላልፋል።

ባለቤታቸው እትዬ ታደለች ይህን ሁሉ በዝምታ ሰሙ። የሬሳ ሣጥኑ ምን ዓይነት ይሁን ስንላቸው ዝም፣ ማን ይናገር ስንላቸው ዝም። መዝሙሩ አይዘመርም ስንላቸው ግን ነጠላቸውን ከአፋቸው ላይ አነሡ።

«እኔ ሌላ የጠየቅኳችሁ ነገር አለ?» አሉ። «አገሩ አልላክሁት፣ አላቀፍኩት፣ አላጠብኩት። መሸኛውን ከከለከላችሁት ዕቃ ነው የቀበራችሁት።»

ከሞቱ አሟሟቱ ይባል የለ። ሰው ድምፅ ማውጣት ከተከለከለ ዜማውን ብቻ በኪቦርድ እናሰማ ተባባልን፤ ታምራትም በደስታ ተቀበለ። ቀጥሎ የቀብር ድርጅቱ ሰዓት ሰጠን። ሬሳ በወረፋ በሚቀበርበት ወቅት የሰዓት ምርጫ የለም። ያችው ሰዓት ደግሞ የሰፈሩ ሎድ ሼዲንግ ሰዓት ሆና አረፈች። ጄኔሬተር ቤተ ክርስቲያኑ አይፈቅድም። መብራት ሲጠፋ በባትሪ የሚተካው ኢንቨርተር በዚያን ጊዜ የሀብታም ዕቃ ነው። አንዱ በስልክ ቀድተን እናሰማ ቢል እትዬ ታደለች «ከሆስፒታል በስልክ ነው የተሰናበተኝ፤ ደግሞ በስልክ አልሸኘውም» አሉ። ከዚያ በኋላ ስለ ስልክ የተናገረ የለም።

ስለዚህ በከተማው ውስጥ ያለ መብራትም ያለ ትንፋሽም የሚሠራ አንድ ዕቃ ብቻ ቀረ፤ ምስጥ በልቶታል ያልነው ሣጥን። አዳራሹ ጥግ ላይ ቆሟል፤ የለበሰው ብርድ ልብስም የእኔ ነው።

ታኒ ሄስተር ቤት ሄጄ ደወልኩ። ከቤት አይወጡም ነበር፤ ኬፕታውን ያለችው ልጃቸው በየቀኑ እየደወለች ትቆጣጠራቸዋለች። እሳቸው በረንዳ ላይ፣ እኔ ከአጥሩ ውጭ፣ ሁለታችንም ማስክ አድርገን፣ እየተጯጯህን ተነጋገርን። ጋሽ ኤርሱሞን ያውቋቸዋል፤ ሣጥኑ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ አዳራሹ ሲገባ አንዱን ጫፍ ተሸክመውላቸው ነበር። «አግ ሼም» አሉ፤ የዚህ አገር ሰው አንጀቱ ሲላወስ የሚላት ቃል ነች። ልጄ ትገድለኛለች አሉ። ከዚያ፣ «ኖታው የታለ?» አሉ።

ኖታ። እኛና ኖታ። «የለም» አልኳቸው። «ታዲያ ከምን ልጫወት?» ሌላ መንገድ ስለሌለ ጉሮሮዬን ጠረግሁና መንገድ ላይ ቆሜ፣ ማስኬን እንዳደረግሁ፣ መዝሙሩን ከአጥሩ በላይ ዘመርኩላቸው። ድምፄ ለጸሎት ቤት እንጂ ለመንገድ የተፈጠረ አይደለም። የጎረቤት ዘበኛ ወጣ፤ ሁለት ውሾች ተቃወሙ። ታኒ ሄስተር ግን እጃቸውን አነሡና «እንደገና» አሉ። እንደገና ዘመርኩ። ፈገግታቸው ከማስኩ በላይ ዓይናቸው ላይ ወጣና ወደ ቤት ገቡ።

ትንሽ ቆይቶ መስኮቱ ተከፈተ፤ ቤታቸው ካለው ትንሹ ሃርፕሲኮርድ ዜማ ወጣ። የእኛ መዝሙር ነው። አይደለምም። ፈጠን ያለ፣ ጭፈራ ጭፈራ የሚለው፣ ወገቡን ቀጥ አድርጎ የሚሄድ ነገር ነው። ታኒ ሄስተር በመስኮቱ ብቅ ብለው አንድ ወፍራም መጽሐፍ አሳዩኝ። የእኛ መዝሙር የጀርመኖች ኖሯል። በጥንት ዘመን አንድ ጀርመን ደረሰው፤ ሚሲዮናውያን ይዘውት ወደ እኛ አገር ገቡ፤ አያቶቻችን ቃሉን ለወጡበት፤ እኛ «የአባቶቻችን ዜማ» እያልን የሊምፖፖን ወንዝ አሻግረን አመጣነው። በቅሎን «አባትህ ማነው?» ቢሉት «እናቴ ፈረስ ናት» አለ እንደሚባለው፣ እኔም አንድ ነገር ለማለት ፈልጌ «እኛ ግን ቃሉን ጨምረንበታል» አልኳቸው።

«ቃሉ የእናንተ ነው፣ አልነካውም» አሉ። «ግን ሦስተኛው ስንኝ ላይ ለምን ቆምክ?»

«እንቆማለን።»

«እዚህ አይቆምም። ዓረፍተ ነገሩ አላለቀም፣ ዜማውም አላለቀም። አንድ ሰው ተሳስቶ ያስገባው ነው።»

«ሰውየው ነው የምንቀብረው» አልኳቸው።

አስሙን ነገርኳቸው፣ መጠበቃችንን ነገርኳቸው፣ የታምራትን ጣት ሳይቀር ነገርኳቸው። ለረዥም ጊዜ መጽሐፉን አገላበጡ፤ መጽሐፉ ግን ስለ ጋሽ ኤርሱሞ አንዳች የሚለው ነገር አልነበረውም። በመጨረሻ፣ «ማርከስ፣ በሕይወቴ ሙሉ ሌላውን ሰው ‹ያልተጻፈውን አትጫወት› ስል የኖርኩ ሴት ነኝ። እመጣለሁ። እጫወታለሁ። የማላምንበትን እንድጫወት ግን አትጠይቀኝ» አሉ።

ነጋዴ ነኝና ዋጋ እንደምቀንስ ሁሉ በግማሹ እንስማማ፣ አጠር ያለች ማቆሚያ ትሁን አልኳቸው። መስኮቱን ዘጉ።

የታኒ ሄስተርን እምቢታ ለእትዬ ታደለች ባልናገር ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን መዝሙሩ ሲሰማ በድንገት ከሚደርስባቸው አስቀድመው ይወቁት ብዬ ነገርኳቸው። ተቆጥተው ቢሆን በቀለለኝ። «ንገራቸው እንጂ» አሉኝ ቀስ ብለው። «እኔ እስካሁን አላለቀስኩም እኮ። እዚያ ቦታ ላይ ነው የማለቅሰው ብዬ አስቀምጬው ነው።» ወጥቼ ይህንኑ ለታኒ ሄስተር መልእክት ላክሁ።

የቀብሩ ቀን ታኒ ሄስተር ቀድመውን ደርሰዋል። ሁለት ማስክ ደራርበው፣ በላዩ የፕላስቲክ መከለያ አድርገው፣ ብርድ ልብሴን አጥፈው ወንበር ላይ አስቀምጠው ሣጥኑን እየቃኙ ነበር። ይህ ዕቃ ነፋስ በነካው ቁጥር ቅኝቱ ይጠፋል፤ እኛ ደግሞ ለኮሮና ብለን መስኮቱን ሁሉ ከፍተናል። አንዷን ድምፅ ደጋግመው ይነካሉ፣ ያጠብቃሉ፣ ያላላሉ፣ እንደገና ይነካሉ። የገባው ሰው ይህ መዝሙር መስሎት አንገቱን እየደፋ ቆመ፤ ጥቂቶችማ አለቀሱ። የሬሳ ሣጥኑ ሲገባ መብራት ሄደ፣ ልክ በሰዓቱ። በዚህ አገር ሰዓት የሚያከብር ነገር ቢኖር እሱ ነው። ታኒ ሄስተር ሻማ አበሩ።

አጭር ጸሎት ተጸለየ። የቀብር ድርጅቱ ሰው ጓንቱን አድርጎ በሩ ላይ ቆሟል። ከዚያ ታኒ ሄስተር ጀመሩ።

እንደ መስኮቱ ዕለት ፈጣን አልነበረም። እኛ በምንሄድበት አካሄድ ነው የሄዱት። ያ ከሲታ ድምፅ በዚያ ጸጥታ ውስጥ ምንም አልጎደለውም፤ እንዲያውም ከዚያ ቢበዛ የሚከብድ ይመስለኝ ነበር። የመጀመሪያው ስንኝ አለፈ። ሁለተኛው አለፈ። ከማስኩ ሥር ሁላችንም ቃሉን በከንፈራችን እናነበንባለን፤ ድምፅ የለም፣ ማስታወቂያውን አክብረናል። ሦስተኛው ገባ። እኔ ዓይኔን ጨፈንኩ፤ እትዬ ታደለችን ማየት አልፈለግሁም።

ቆሙ።

ልክ ቦታው ላይ፣ ልክ ጋሽ ኤርሱሞ የሚቆሙበት ፊደል ላይ፣ ታኒ ሄስተር እጃቸውን ከመጫወቻው ላይ አነሡ። አዳራሹ ሙሉ አብሮ ቆመ። ዓይኔን ገለጥኩ። እፎይ ልል ስል ግን ነገሩ ገባኝ። ይህች ማቆሚያ ርዝመት የላትም። ማንም ለክቷት አያውቅም። የምታልቀው ጋሽ ኤርሱሞ ሲተነፍሱ ነበር። ታኒ ሄስተር መቼ እንደሚቀጥሉ አያውቁምና ወደ እኛ ያያሉ። እኛ ከሽማግሌ ቀድመን አናውቅምና ወደ ሬሳ ሣጥኑ እናያለን። ሁሉም ይጠብቃል። የቀብር ድርጅቱ ሰው ሰዓቱን አየ። ታምራት ጣቱን ወደ ላይ እንዳነሣ ቀርቷል፤ የሚያበራው ከበሮ ግን የለም። ከዚያ ዝምታ የሚያወጣን ሰው ከእኛ መካከል አልነበረም። ጋሽ ኤርሱሞ መሞታቸውን እኔ ያመንኩት ያን ጊዜ ነው፤ እስከዚያ ድረስ ሥራ ላይ ነበርኩ።

በመጨረሻ ከፊት ወንበር እትዬ ታደለች አየር ሳቡ። ረዥም፣ ከሆድ የመጣ፣ ማስካቸውን ወደ ውስጥ ያጣበቀ ትንፋሽ ነው። እያፏጨ ነው የገባው፤ ዕድሜ ልካቸውን በአንድ አልጋ ላይ የሰሙትን ትንፋሽ አሳምረው ያውቁታል። ታኒ ሄስተር ራሳቸውን ዝቅ አደረጉና ቀጠሉ። እትዬ ታደለችም ያስቀመጡትን እንባ ለቀቁት።

ወጋችን እዚህ ላይ ቢያበቃ ደስ ባለኝ። ግን የእኛን ሰው ታውቁታላችሁ።

ወራት አለፉ፣ ክልከላው ላላ፣ መዝሙርም በማስክ ተፈቀደ። ታምራት አንድ እሑድ ኮሚቴው ፊት ቆመና ኢንተርኔት ላይ የጀርመኑን ዜማ እንዳገኘው፣ በብዙ አገር እንደሚዘመር፣ የትም አገር ግን ሦስተኛው ስንኝ ላይ የሚቆም ሰው እንደሌለ አስረዳ። «ስንሳሳት ነው የኖርነው» አለ። «አለማወቅ ነበር፣ ይቅር። ከታወቀ በኋላ ግን እንዴት እንቀጥላለን? እንግዳ ቢመጣ ምን ይለናል?» ብዙው ሰው ራሱን ነቀነቀ። ዜማው የራሳችን መስሎን ሳለ ምንም ያልጠየቀ ሰው፣ የፈረንጅ መሆኑ ሲታወቅ አጠገቡ ለመቆም ልብሱን ማስተካከል ጀመረ። አንዱ ሽማግሌ እንኳ «ኤርሱሞም ቢሆን ትክክለኛውን ቢያገኝ ይወድ ነበር» አሉ። እትዬ ታደለች ከጀርባ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። እጃቸው ነጠላቸውን ይዞ ይጨምቅ ነበር።

ጉዳዩ የሊቅ ነው፣ ባለሙያ ይጠየቅ ተባለና ታኒ ሄስተር ተጠሩ። እኔ ተርጓሚ ሆንኩ። የሚሉትን ሁላችንም እናውቅ ነበር፤ ያልተጻፈውን አትጫወቱ ማለታቸው አይቀርም። ታምራት ጥያቄውን አቀረበ፤ የቱ ነው ትክክለኛው?

ታኒ ሄስተር መጀመሪያ እትዬ ታደለችን አዩ። ከዚያ እንዲህ አሉ። «ያ ጀርመን እንዴት እንደተጫወተ ለማወቅ ዕድሜዬን ጨረስኩ። ላባውን አገኘሁ። አንጀቱን አገኘሁ። ቅኝቱን አገኘሁ። የት ላይ እንደተነፈሰ ግን የሚነግረኝ ሰው የለም፤ የሚያውቁት ሁሉ ሞተዋል። እናንተ የእናንተ ሰው የት ላይ እንደተነፈሰ ታውቃላችሁ፣ ሚስቱም እዚህ ተቀምጣለች። እና እኔን ልትሆኑ ነው የምትፈልጉት?»

ስተረጉመው መጨረሻው ላይ ድምፄ ተቆራረጠ። ጉንፋን ነው አልኩ። በዚያን ጊዜ ጉንፋን ነው ማለት ከማልቀስ የባሰ ነውና አጠገቤ የነበሩት ሁለት ሰዎች ወንበራቸውን ሳብ አደረጉ።

ኮሚቴው ምን ወሰነ ትሉኛላችሁ። ኮሚቴ የሚወስነውን ነው የወሰነው፤ ጉዳዩን አጥንቶ የሚያቀርብ ንዑስ ኮሚቴ አቋቋመ። ሰብሳቢው ታምራት ነው። ጥናቱ እስከ ዛሬ አላለቀም፣ እንዲያልቅ የሚቸኩልም የለም። እስከዚያው ሦስተኛው ስንኝ ላይ እንቆማለን፤ እትዬ ታደለች ሲተነፍሱ እንቀጥላለን።